የራሱ ጨው አለው

ልጅቱ የመጣችው ቀሚስ ልትለካ ነው። ሌላ ታላቅ ነገር አልነበረም። ከገበያው ወደ ላይ በሚያወጣው መንገድ፣ ባጃጆቹ ተሰልፈው ከሚቆሙበት ፊት ለፊት፣ በረንዳዬ ላይ ሃያ ስንት ዓመት የረገጥኋት የስፌት መኪናዬ አለች። ደብረ ታቦር ውስጥ ሙሽራ፣ ሚዜ፣ ተመራቂ ተማሪ የሚባል ሁሉ አንድ ቀን እዚያ በረንዳ ላይ እጁን ዘርግቶ ቆሞልኛል። እኔም እለካለሁ፣ እጽፋለሁ፣ እቆርጣለሁ። ሰው ሲለካ ብዙ ያወራል። ለምን እንደሆነ እንጃ፤ እጁን ሲዘረጋ አፉም አብሮ ይከፈታል መሰለኝ። እኔ መርፌ በከንፈሬ ይዤ ስለምሰማ መልስ አይጠበቅብኝም። ይኼ ተስማምቶኝ ኖሬያለሁ።

«ስምሽ?» አልኋት ደብተሬን ገልጬ።

«ትርንጎ።»

«ትርንጎ ማን? በዚህ ሳምንት ብቻ ሦስት ትርንጎ አለብኝ።»

«ትርንጎ ይርጋ። ከሐሙሲት ነኝ፣ እትዬ። ከዓረብ አገር ከመጣሁ ሁለት ወሬ ነው።»

ይርጋ የሚባል ሰው በአገሩ ሞልቷል። ቀና ብዬ ሳያት ግን ቅንድቧ ከግራም ከቀኝም መጥቶ አፍንጫዋ ላይ የተገናኘ ነው። እንዲህ ያለ ቅንድብ ያለው ይርጋ አንድ ነው።

«የጎማ ሠሪው የይርጋ ልጅ ነሽ?»

«አዎ። አባቴ አምና አረፈ። እኔ እዚያው እያለሁ።»

«ነፍስ ይማር» አልሁ። ሜትሩን ትከሻዋ ላይ ዘረጋሁና ለካሁ። ጻፍሁ። እንደገና ለካሁ፤ የተለየ ቁጥር መጣ፤ እሱንም ጻፍሁ። ደብተሩ ላይ አሁንም ሁለቱም አሉ። ምንም አልተሰማኝም ብል ሰው ያመነኛል ወይ? አልተሰማኝም። ዝናብ ሊመጣ ነው፣ የተሰጣውን ጨርቅ ላንሣ፣ ያልሁት እሱን ነው።

ከዚያ የምትፈልገውን ጥልፍ በስልኳ ልታሳየኝ ቦርሳዋን ከፈተች። ከስልኩ ጋር በሶፍት የተጠቀለለ ነገር ወጥቶ ጠረጴዛው ላይ ቀጭ አለ። ፈታችውና «ዛጎል ነው፣ ከባሕር» አለችኝ። እኛ አገር ዛጎል የሚባለው አንቀልባ ላይ የሚሰፋው ትንሹ ነው። ይኼ ግን ሌላ ነው። የመዳፌን ግማሽ ያህላል፤ ሁለት ክዳን ነው፤ ሁለቱ ከኋላቸው ተያይዘዋል። ውጭው ማረሻ እንዳለፈበት ማሳ መስመር መስመር አለው፤ ውስጡ ነጭ ነው። ልጅቱ ልታስረዳኝ ጀመረች። ማስረዳት አያስፈልጋትም ነበር። እኔ ይኼን ነገር አውቀዋለሁ። የማውቀው ግን አንዱን ክዳን ብቻ ነው።

ያን ጊዜ እኔና ቤተሰቤ አንበሳሜ ነበርን። መንግሥት የተለወጠበት ሰሞን ነው። ወሩን ብትጠይቁኝ አላስታውስም፤ ቴትሮን ጨርቅ በሜትር ስምንት ብር መግባቱን ግን አስታውሳለሁ። ሻይ ሃያ አምስት ሳንቲም፣ ከሐሙሲት ባሕር ዳር በአውቶቡስ ሦስት ብር። ልጃገረድ ሁሉ ሰማያዊ ኮንጎ ጫማ ነበር የምታደርገው፤ ዝናብ ሲዘንብ ውስጡ ውሃ ይገባና ስንሄድ ጯ ጯ ይላል፤ ከሩቅ የማን ልጅ እንደመጣች በጫማዋ ድምፅ ይታወቃል። ከገበያው ጫፍ ካሴት የሚያጫውት ሱቅ ነበር። ባለሱቁ ባትሪ ቶሎ አይቀይርም። ባትሪው ሲደክም የዘፋኙ ድምፅ ይወፍራል፣ ይጎተታል፣ ሊያለቅስ የደረሰ ይመስላል። እኛ ዘፈኑ እንዲያ ነው ብለን ወፍራሙን ለመድነው። ከስንት ዓመት በኋላ ባሕር ዳር ላይ ያንኑ ዘፈን በደኅና ቴፕ ብሰማው ሰውየው ለካስ ደስ ብሎት ነው የሚዘፍነው። አሁን ባጃጁ ሁሉ እየጮኸ ያልፋል፤ አንዱንም አልለየውም።

ያን ክረምት መንገዱ የተመለሰ ወታደር ብቻ ነበር። በየደጁ ይቆማሉ፤ «ስለ እመብርሃን» ይላሉ፤ እናቴ ቆሎ ትዘግንላቸዋለች፤ ይሄዳሉ። ይርጋ ግን አልሄደም፤ አጎቱ ጎረቤታችን ነበሩ። ወታደርነት ወድዶ የገባ እንዳይመስላችሁ። ዲያቆን ነበር፤ ገበያ ላይ ታፍሶ ነው የተወሰደው። ሲመለስ በሱዳን ዞሮ፣ ከመተማ በእግሩ፣ ክርኑ ላይ የተጣፈ ካኪ ለብሶ፣ በአንድ እግሩ ሸራ ጫማ በአንዱ በረባሶ አድርጎ ነው የደረሰው። አባቴ መጽሐፍ የሚያነብ ሰው ይወድ ነበርና ወደደው። እኔም ወደድሁት፤ ልክደው አልችልም። ሃያ ዓመቴ ነበር። ሽማግሌ ተላከ፤ ከፋሲካ በኋላ በቁርባን እንድንጋባ ተቆረጠ።

በዚያ ዘመን የታጨች ልጅ ከእጮኛዋ ጋር ቆማ የምታወራበት ቦታ የለም። እኛ ያገኘነው ወፍጮ ቤቱን ነበር። ሞተሩ ስለሚያጓራ ጆሮ ላይ ካልተጠጉ በቀር የሰው ወሬ አይሰማም፤ ተራ እስኪደርስ ጆንያችን ላይ ተቀምጠን እናወራለን፤ ሰው ሲያየን ዱቄት እየጠበቅን ነው። አንድ ቀን ከኪሱ በጨርቅ የተቋጠረ ነገር አውጥቶ መዳፌ ላይ አኖረው። አንድ የዛጎል ክዳን።

«ይኼ ነው ያኖረኝ» አለ።

ጦርነቱ ላይ ሳሉ ጨዋማው ባሕር ጠረፍ ላይ ከጦራቸው ተቆርጠው ቀርተዋል። መጀመሪያ ብዙ ነበሩ፤ በኋላ እሱና አንድ ከእስቴ የመጣ ጓደኛው ብቻ ቀሩ። ከእነሱ ትንሽ ወዲያ ጨዋማ የጉድጓድ ውሃ ነበር፤ የሚበላ ግን የለም። ባሕሩ በቀን ሁለት ጊዜ ይሸሻል አለኝ። እኔ ውሃ የሚሸሽ መሆኑን ያወቅሁት ያን ቀን ነው። ሲሸሽ እርጥቡ አሸዋ ላይ ሁለት ሁለት ትንንሽ ቀዳዳ ይቀራል፤ አጠገቡ ስትረግጪ ፊጭ አድርጎ ውሃ ይተፋል። እዚያ ላይ በእጅሽ ፈጥነሽ መቆፈር አለብሽ፤ ዛጎሉ አንድ ምላስ የመሰለ እግር አለው፣ በሱ ወደ ታች ይሰምጥብሻል። ስታወጪው ጥርቅም ብሎ ይዘጋል። እሳት አጠገብ ስታኖሪው ይከፈታል።

«ጨው አይጨመርበትም» አለኝ፤ «የራሱ ጨው አለው።»

ጓደኛው አልበላም። ማተቡን ይዞ ፊቱን አዞረ። እኛ ጣና አጠገብ ያደግን ሰዎች ዓሣ እንበላለን፤ ባለቅርፊቱን ቆሮሶ እንበላለን፤ አምባዛን ግን ቅርፊት ስለሌለው የቀደሙት ሰዎች አይነኩትም። ክንፍና ቅርፊት የሌለው የውሃ ነገር ርኩስ ነው። የእስቴው ልጅ ይኼን ያውቃል፤ ይርጋም ዲያቆን ነውና ያውቃል። አንዱ በላ፤ አንዱ አልበላም። በአሥራ አንደኛው ቀን ይርጋ ብቻውን ተነሥቶ ሄደ።

«ምላስሽን አስነኪው» አለኝ ክዳኑን እያየ፤ «እስካሁን ጨው ጨው ይላል።»

«አይሆንም» አልሁት። «እኔ ልቆርብ ነው።»

ሳቅ ብሎ መልሶ ቋጠረው። «ይኼን ለማንም አልነገርሁም» አለኝ። ተራችን ደረሰ፤ ጆንያውን አነሣልኝ። ዱቄቱ ያን ቀን ሸካራ ወጣብንና እናቴ ተቆጣችኝ።

መምሬ አያሌው የቤታችን የንስሐ አባት ነበሩ። ደግ ሽማግሌ፤ ሲስቁ ሆዳቸው ይንቀጠቀጣል። እኔንና ይርጋን ከመቁረባችን በፊት ለየብቻ እንድንናዘዝ ጠሩን፤ መጀመሪያ እኔን። በደጀ ሰላሙ ጥላ ሥር ተንበርክኬ ለእናቴ መዋሸቴን ነገርኋቸው። «ሌላስ?» አሉኝ። እኅቴን መሳደቤን ነገርሁ። «ሌላስ?» አሉ እንደገና። ሌላ የለኝም። ሃያ ዓመት አንበሳሜ የኖረች ልጅ ምን ኃጢአት ይኖራታል? ግን አፈርሁ። ባዶ እጄን ለቅሶ ቤት የሄድሁ መሰለኝ። አንገቴን ደፍቼ ስፈልግ ስፈልግ «የረከሰ ነገር በእጄ ነክቻለሁ» አልሁ። «ምን?» አሉ። ነገርኋቸው። የማን እንደሆነ ጠየቁ፤ ነገርሁ። በልቶታል ወይ አሉ፤ አዎ አልሁ። የራሴ ኃጢአት ስላልነበረኝ የሱን ተናዘዝሁ። ከዚያ ስወጣ ቅልል ብሎኝ ነበር፤ እሱን ነው የማልረሳው።

መምሬ አልተቆጡም። «በችግር የተደረገ ነው፣ ልጄ፤ ቀላል ነው» አሉኝ። ቀኖናው የሰባት ቀን ጾምና በቀን አርባ ስግደት ነው፤ ብቻ በአፉ በደልሁ ይበል። በነገታው ይርጋን አስጠሩት። እሱም ያጠፋውን ሁሉ ተናዘዘ፤ ሲጨርስ «ልጄ፣ ከባሕሩስ ምን በላህ?» አሉት። መምሬ ምስጢሩን ለሌላ ሰው አልነገሩም። ግን ይርጋ ያን ነገር የነገረው ለአንድ ሰው ብቻ ነበር።

ወንዝ ወርጄ ልብስ ሳጥብ መጣ። ድንጋይ ላይ ተቀመጠ።

«ለመምሬ ነገርሻቸው?»

«ለንስሐ አባት እኮ ነው። ለሰው አልተናገርሁም።»

«እኔ ላንቺ ነበር የነገርሁት» አለ።

«ሰባት ቀን ነው፣ ይርጋ። በደልሁ ብለህ እለፈው። ምን ይጎዳሃል?»

«በተኮስሁት ይፍረዱብኝ ብያቸዋለሁ። ዕድሜ ልክህን ስገድ ቢሉኝ እሰግዳለሁ። ይኼን ግን በደልሁ ካልሁ መኖሬ በደል ነው። አልበደልሁም ካልሁ ደግሞ ያ ልጅ በከንቱ ሞተ። ከሁለቱ አንዱን እንዳልል ብዬ ነበር ዝም ያልሁት።» እየተቆጣ አልነበረም። ቢቆጣ ይሻለኝ ነበር። «በሰማኒያ እንጋባ» አለኝ ቆይቶ። «ቁርባኑ ይቅርብን። አባትሽ ይቆጣሉ፤ በኋላ ይበርድላቸዋል። እሺ በይኝ።»

እዚህ ላይ አንድ ቃል ነበር የሚያስፈልገው። በእጄ የአባቴ እጀ ጠባብ ነበር፤ እጨምቀው ጀመር። ጨመቅሁት፣ ዘረጋሁት፣ እንደገና ነከርሁት። እሺም አላልሁ፣ እምቢም አላልሁ። እሱም ጠበቀ። ከዚያ ተነሣና ሱሪውን አራግፎ ዳገቱን ወጣ። አባቴ «ንስሐ የማይገባ ሰው ልጄን በቁርባን አይወስድም» ብሎ ሽማግሌዎቹን መለሰ፤ ለምን እንደሆነ መምሬም አልነገሩት፣ እኔም አልነገርሁ። ለሰርጉ ከእነሱ የመጣልኝ ቀሚስ ተመለሰ። እናቴ ብቻ ነገሩን ከፊቴ አነበበችው መሰለኝ፤ «የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም» አለችኝና ወደ ሥራዋ ገባች።

አላለቀስሁም። የስፌት መኪና ብዙ የረገጠ ሰው ያውቀዋል፤ እግር ይደነዝዝና መርገጡን ይቀጥላል፣ ሰውየው ግን እግሩ እንዳለ አያውቅም። እኔ እንዲያ ሆንሁ፤ ብዙም አላስቸገረኝም። ደብረ ታቦር አክስቴ ዘንድ መጣሁ፣ ስፌት ተማርሁ፣ የትምህርት ቤት ጸሐፊ አገባሁ፣ ሁለት ወለድሁ፣ ባሌ ሞተ፣ ልጆቼ ወጡ። ሰርግም ቀብርም እንዲሁ አለፈልኝ። ሰዎች «ውባለም ጠንካራ ናት» ይላሉ። ይበሉ። እኔ ከልቤ አዝኛለሁ ብዬ የማስታውሰው ቀን የለኝም፤ ከልቤ ደስ ያለኝም ቢሆን ያን ቀን ከደጀ ሰላሙ ስወጣ ነው።

ይርጋን አየው ነበር። ጨርቅ ልገዛ ባሕር ዳር ስወርድ ሚኒባሱ ሐሙሲት ይቆማል፤ አንዱ የድንች ጆንያ ሊጭን ይወርዳል፣ አንዱ ይወጣል። ከመንገዱ ማዶ ያ ሰው የውስጥ ጎማ ነፍቶ ሣፋ ውሃ ውስጥ ይነክረዋል፤ ጎንበስ ብሎ አረፋ የሚወጣበትን ቀዳዳ ይፈልጋል። መጀመሪያ ላይ ጸጉሩ ጥቁር ነበር፤ በኋላ ሸበተ፤ ሣፋው መጀመሪያ የቆርቆሮ ነበር፣ በኋላ ሰማያዊ ላስቲክ ሆነ። ቀና ካለ «እንደምን ዋልሽ» ይለኛል፤ «እግዜር ይመስገን፣ አንተስ?» እለዋለሁ። ሚኒባሱ ይነሣል። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ያወራነው ይኼው ነው።

«...ሲፈላ አፉን ይከፍታል» ትላለች ትርንጎ፤ እኔ ወገቧን እየለካሁ ነው። «አፉን ያልከፈተውን አይበሉትም፤ የሞተ ነው ብለው ይጥሉታል። አሠሪዬ አሮጊት ናቸው፤ በየዓርቡ ባሕሩ ሲሸሽ ባልዲ ያሲዙኛል፤ አሸዋ ቆፍረን እናወጣዋለን። መጀመሪያ አልበላም ብዬ ነበር። ሁለት ዓርብ ደረቅ ሩዝ በላሁ። በሦስተኛው ግን ቀመስሁት።» ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «ጣመኝ፣ እትዬ። የሚያሳፍረኝ እሱ ነው። አልቅሼ ለአባቴ ደወልሁ። ይቆጣኛል ስል ሳቀ። አባቴ እኮ የሚስቅ ሰው አይደለም። 'ጨው አትጨምሩበት፤ የራሱ ጨው አለው' አለኝ።»

ሜትሩ በእጄ ነበር። ያዝሁት።

«ከየት አወቀው? ወታደር እንደነበረ አውቃለሁ፤ የት እንደነበረ ግን አንድ ቀን ነግሮን አያውቅም። እናቴንም ጠየቅኋት፤ እሷም አታውቅም። ሲሞት እንኳ ለማንም አልነገረም።»

ከኔ በኋላ ለማንም አልነገረም ማለት ነው። አብራው የኖረችውን ሚስቱን፣ የወለዳቸውን ልጆች፣ ማንንም አላመነም። ይኼን ያደረግሁት እኔ ነኝ። እግሬ ሲነቃ እንደሚወጋኝ ዓይነት አንድ ነገር ደረቴ ላይ ወጋኝ፤ ተቀመጥሁ።

«ደከመዎ?»

«ቀጥይ፣ ቀጥይ።»

«ከሰርጋችን በፊት ልንናዘዝ ነው፤ በቁርባን ነው የምንጋባው። ይኼን ልንገር ወይስ ልተወው? እርስዎ ትልቅ ሰው ነዎት።»

መርፌውን ከከንፈሬ አወጣሁ። «ንገሪ» አልኋት። «ቀላል ቀኖና ነው የሚሰጡሽ። አንቺ የበላሽውን አንቺ ንገሪ። የሰው ግን አትንገሪ።»

«የሰው ምኑን?»

«አምኖሽ የነገረሽን። 'ሌላስ?' ይሉሻል። ሌላ ከሌለሽ የለኝም በያቸው። ባዶ መሆን አያሳፍርም።»

ያ ቅንድብ ተሰበሰበ። «እትዬ፣ አባቴን በምን ያውቁት ነበር?»

ሁሉም ነገር አፌ ላይ ነበር። ወፍጮ ቤቱ፣ የእስቴው ልጅ፣ አሥራ አንዱ ቀን። ልጁ ናት፤ የአባቷን ነገር ማወቅ ይገባታል። ደስም ይላታል። እኔም ቅልል ይለኛል፤ ያን ቅልል ማለት አውቀዋለሁ።

«ሐሙሲት ላይ ጎማ ሲሠራ አየው ነበር» አልኋት።

ቀሚሱ በሁለት ሳምንት እንደሚደርስ ነገርኋት። ስትሄድ ዛጎሉን ጠረጴዛው ላይ ተወችው፤ «ይውሰዱት፣ እኔ ሌላ አለኝ» ብላ። ባጃጅ ውስጥ ስትገባ እጇን አውለበለበችልኝ። እኔም አውለበለብሁላት። ከዚያ ዛጎሉን አነሣሁና ከፈትሁት፤ ሁለቱም ክዳን በቦታው ነው። ግራ ቀኝ አየሁ፤ በረንዳው ላይ ሰው የለም። ምላሴን አስነካሁት። ልጅቱ በሳሙና አጥባው ኖሯል፤ ጨው የለውም።